የላም ወተት መገመቻና የሕዋ ካርታ ማጽጃ ቀመር አንድ ነው ብል ማን ያምነኛል?

ባዶ_ሰሌዳ • ማክሰኞ ማታ 2፡15

ሰላም ቤቶች። ትናንት አራት ኪሎ አንድ ካፌ በረንዳ ላይ ከአክስቴ ልጅ ጋር ማኪያቶ ይዘን፣ እሷም የራሷን ላፕቶፕ እኔም የራሴን እየጎረጎርን መብራት ድርግም አለ፣ ዋይፋዩም አብሮ ሄደ። የኔ ባትሪ ድሮም ሞቷል፣ ስለዚህ ደብተሬን አውጥቼ ቴሲሴ ላይ ያለውን ቀመር በእስክሪብቶ መጻፍ ጀመርኩ። አየት አደረገችና "ይሄን ከየት አመጣኸው፣ የኔ ነው እኮ" አለችኝ። እኔ ምሰራው ኮስሞሎጂ ነው። እሷ ምትሰራው ላም ነው።

ለማታውቁት፣ የኔ ጉዳይ ሲኤምቢ የሚባለው ነው፣ ማለት ዩኒቨርስ ገና 380 ሺህ ዓመት ገደማ ሲሆነው የተለቀቀ ብርሃን አለ፣ ወደ 13.8 ቢሊዮን ዓመት ሲጓዝ ቀዝቅዞ ቀዝቅዞ አሁን 2.725 ኬልቪን ሆኖ ከሁሉም አቅጣጫ ይመጣል። ከቦታ ቦታ ያለው የሙቀት ልዩነት ከመቶ ሺህ አንድ እጅ ምናምን ነው፣ ጋላክሲዎች ሁሉ የበቀሉት ከዛች ልዩነት ነው። ችግሩ መሳሪያውም የራሱ ኖይዝ (የመለኪያ ረብሻ) አለው፣ ስለዚህ አንድ ፒክስል ከአማካዩ በ100 ማይክሮኬልቪን ከፍ ብሎ ስታየው ሙሉውን አታምነውም። ስንቱን ልመን ነው ጥያቄው። መልሱ፦ የሲግናሉን ቫሪያንስ (ከአማካዩ ምን ያህል እንደሚበታተን የሚለካ ቁጥር) ለሲግናልና ለኖይዝ ቫሪያንስ ድምር አካፍል፣ በሱ አባዛ። ሁለቱ እኩል ከሆኑ ግማሹን ታምናለህ፣ 50 ማይክሮኬልቪን። ዊነር ፊልተር የሚባለው በቃ ይሄ ነው።

እሷ ጋር ደሞ፦ አንዲት ላም በቀን 20 ሊትር ታለበች እንበል፣ የመንጋው አማካይ 12 ነው። 8 ሊትር ትበልጣለች። ግን 8ቱም ከዘሯ ነው? አይደለም፣ ጥሩ መኖ አግኝታ ይሆናል፣ ወቅቱ ይሆናል፣ የአላቢው እጅ ይሆናል። የወተት ሄሪታቢሊቲ 0.3 አካባቢ ነው ብለህ ከያዝክ 8 ሲባዛ በ0.3፣ 2.4 ሊትር ነው በዘሯ ተብሎ ሚያዝላት። ያ 0.3 ምንድነው ብለህ ስትፈታው የዘር ቫሪያንስ ሲካፈል ለዘርና ለአካባቢ ቫሪያንስ ድምር። ያው የኔው! እነሱ ብለፕ ይሉታል። ፊደሎቹ ብቻ ናቸው የተቀያየሩት።

አሁን ጥያቄዬ ይሄ አጋጣሚ ነው ወይስ ከስሩ የሆነ ነገር አለ? እንቅልፍ ነስቶኛል በናታችሁ።

ፒያሳ_ናፋቂ • ማክሰኞ ማታ 2፡31

ማለት አሁን ቢግ ባንግ በቀን ስንት ሊትር ነው ሚታለበው ሃሃሃሃ

ጥርጣሬ_በነጻ • ማክሰኞ ማታ 2፡50

ወንድሜ አትሸወድ። ሁለቱም ነገር ጋውሲያን ነው (የደወል ቅርጽ ያለው ስርጭት) ብለህ ከተነሳህ ሌላ መልስ የለም፣ ሬግሬሽን ነው በቃ። የሰፈር ሱቅ ሚዛን ስኳርም ጨውም ይመዝናል፣ ስኳርና ጨው ዘመዳም ናቸው ማለት ነው እንዴ? ሰው ሁለት ቦታ አንድ ቀመር ባየ ቁጥር "ተፈጥሮ ምስጢሯን ገለጠችልኝ" ማለት ይወዳል። በ1992 በፈረንጅ የዲኤንኤ ፊደሎችን ወደ ላይና ወደ ታች እርምጃ ቀይረው ሲስሉት ረጅም ርቀት የሚሄድ ኮሪሌሽን አገኘን ብለው ስንት ተጻፈ፣ ጋላክሲም ፓወር ሎው (ርቀት ሲጨምር ቀስ እያለ የሚቀንስ ግንኙነት) ዲኤንኤም ፓወር ሎው ምናምን። ከዛ ሌሎች ተነስተው አይ ይሄ እኮ የጂኖሙ ሰፈር ለሰፈር የፊደል ድርሻው ስለሚለያይ ብቻም ሊመጣ ይችላል አሉ። ጋላክሲዎቹን የሰበሰባቸው ግራቪቲ ነው። ዲኤንኤ ላይ ግራቪቲ የለም። ግራፉ መመሳሰሉ ምንም አይነግርህም።

ባዶ_ሰሌዳ • ማክሰኞ ማታ 2፡58

የሚዛኗ ነገር ገብታኛለች ግን ትንሽ ደረቅክብኝ። እኔ ምለው ሚዛኑን ማን ሰራው ነው።

ጋሽ_ስታት • ማክሰኞ ማታ 4፡05

ልጆች እንደምን አመሻችሁ። እኔ ጡረታ የወጣሁ የስታቲስቲክስ አስተማሪ ነኝ፣ ይህን ቀመር ስንት ዓመት በጠመኔ ጽፌ አጥፍቼዋለሁ። ዓመቶቹን በፈረንጅ ነው ምጽፈው እንዳትደናገሩ።

ሚዛኑን ማን ሰራው ላልከው፣ አራት ሰው ነው የሰራው፣ አንዱ ሌላውን ሳያይ ማለት ይቻላል። ኮልሞጎሮቭ ሞስኮ ላይ በ1941 አወጣው። ዊነር አሜሪካ በጦርነቱ ሰዓት፣ አውሮፕላን ቀጥሎ የት እንደሚደርስ መድፉ ቀድሞ እንዲያውቅ ብሎ በ1942 በምስጢር ሪፖርት ጻፈው፣ ለሕዝብ የታተመው በ1949 ነው። ሄንደርሰን የላም ሰው ነው፣ በዛው በ1940ዎቹ መጨረሻ ኮርማ ለመምረጥ ሲል ደረሰበት። ክሪግ ደግሞ ደቡብ አፍሪካ ወርቅ ማዕድን ላይ፣ ጥቂት ጉድጓድ ቆፍሮ ያልተቆፈረው ቦታ ስንት ወርቅ አለው ለማለት፣ 1951። አስር ዓመት ውስጥ አውሮፕላን፣ ላምና ወርቅ። የሰማይ ሰዎች ዘግይታችሁ ነው የመጣችሁት፣ ኮቤ የተባለችው ሳተላይት ካርታ ላይ በ1994 ነው የተጠቀማችሁበት።

ሌላም ልጨምርላችሁ። "ቫሪያንስ" የሚለውን ቃል ራሱን ያመጣው ፊሸር ነው፣ በ1918፣ ጽሑፉ ስለ ዘመዳሞች መመሳሰል ነው፣ ስለ ጄኔቲክስ። አሁን ኮስሞሎጂ ውስጥ ቴሌስኮፕ ሳይሰራ በፊት ምን ያህል በትክክል እንደሚለካ የሚገመትበት ማትሪክስ በማን ስም ነው የሚጠራው? (ሰውየው በሌላ በኩል ስለ ሰው ዘር የያዘው አቋም የሚያሳፍር ነበር፣ እሱን ደብቄ ማለፍ አልፈልግም።)

ባዶ_ሰሌዳ • ማክሰኞ ማታ 4፡12

ጋሼ ፊሸር ማትሪክስ!! በየቀኑ እየጠራሁት የጄኔቲክስ ሰው መሆኑን አላውቅም ነበር እግዚአብሔር ያክብርልኝ

ጥጃዋ • ረቡዕ ጠዋት 1፡40

የአክስቱ ልጅ እኔ ነኝ። ሲጀመር ማኪያቶውን የከፈልኩት እኔ ነኝ እሱን ሳይጽፍ አልፏል። ሲቀጥል ታሪኩን ቀነጣጥቦ ነው የነገራችሁ፣ አንዲት ላምና አንድ ቁጥር ይዞ ሄዶ ብለፕ አለ። አንድ ላም ላይ ከሆነማ ጥርጣሬ እንዳለው ተራ ሬግሬሽን ነው።

ዋናው ነገር ኮርማው ነው። ኮርማ አይታለብም። ወተቱን በሕይወቱ አንድ ቀን አትለካውም፣ ግን አንድ ኮርማ በአርቴፊሻል ዘር በሺ የሚቆጠር ጥጃ ሊኖረው ስለሚችል ከማንም በላይ ማወቅ የምትፈልገው የሱን ዘር ነው። በምን ታውቀዋለህ? በሴት ልጆቹ፣ በእናቱ፣ በእህቶቹ። ዘመድነታቸውን በቁጥር ታስቀምጣለህ፣ እናትና ልጅ 0.5፣ ባንድ ወገን ብቻ የሚገናኙ እህትማማቾች 0.25፣ እንዲህ እያልክ ትልቅ ማትሪክስ ይሆናል። ከዛ የታለቡት ላሞች መረጃ በዘመድነት በኩል ወዳልታለበው ኮርማ ይፈሳል። ዘመዱ ከበዛ ግምቱ ይጠነክራል፣ ዘመድ የሌለው ከሆነ ቀመሩ አማካዩን ይሰጥህና ዝም ይላል።

አንተ ጋር ኮርማው ምንድነው ብዬ ስጠይቅህ መብራት መጣና ወደ ስክሪንህ ተመለስክ። መልሱን አሁን ስጠኝ።

ባዶ_ሰሌዳ • ረቡዕ ጠዋት 3፡20

እሺ ማኪያቶው ላይ ይቅርታ።

ኮርማው የተሸፈነው ሰማይ ነው! ሚልኪ ዌይ፣ የኛው ጋላክሲ፣ አቧራና ጋዙ ሰማዩን መሀል ለመሀል እንደ ቀበቶ ይሸፍነዋል፣ ከሱ ጀርባ ያለውን ሲኤምቢ ማየት ስለማንችል ያን ቦታ ቆርጠን እንጥለዋለን፣ ማስክ እንለዋለን። ዊነር ፊልተር ግን ማስኩ ውስጥም ይሞላል፣ ጠርዙ ላይ ካሉት ጎረቤት ፒክስሎች እየተበደረ። ወደ መሀል በገባህ ቁጥር ዘመድ እያለቀ ይሄድና ወደ አማካዩ ይመለሳል፣ ልክ አንቺ እንዳልሽው ዝም ይላል። በሕይወቴ ማስክን እንደ በሬ አስቤው አላውቅም።

ፒያሳ_ናፋቂ • ረቡዕ ጠዋት 3፡26

ኮርማ ነው ያለችህ፣ በሬማ የተቀጠቀጠው ነው። የከተማ ልጅ!

ባዶ_ሰሌዳ • ረቡዕ ጠዋት 3፡55

ሼም ነው። ይሁን ኮርማ።

ግን ልዩነት ያለው እዚህ ጋር ይመስለኛል። እኔ ጋር ሁለት ፒክስሎች ያላቸው "ዘመድነት" በመሀላቸው ባለው አንግል ብቻ ነው የሚወሰነው፣ ሰማዩ ወደየትም ብትዞር አንድ ነው ብለን ስለምንነሳ። ይሄ ትልቅ እረፍት ነው። ፕላንክ የሚባለው ሳተላይት ካርታ 50 ሚሊዮን ገደማ ፒክስል አለው፣ የዘመድነቱን ማትሪክስ ልጻፍ ብትል 50 ሚሊዮን በ50 ሚሊዮን፣ 2,500 ትሪሊዮን ቁጥር፣ ወደ 20 ፔታባይት። የትኛውም ላፕቶፕ አይደለም ትልቅ ሰርቨርም ያለቅሳል። ግን በአንግል ብቻ ስለሆነ ወደ ሞገድ ስትቀይረው (ለክብ ነገር የተሰራ ፎሪየር በሉት) ያ ሁሉ ቁጥር ወደ ሁለት ሦስት ሺህ ቁጥር ይወርዳል። እሱም ፓወር ስፔክትረም (የየሞገዱ ጉልበት ዝርዝር) ነው፣ እሱን ደሞ ቲዎሪው በ6 ፓራሜትር ያወጣልሃል። ችግሩ ማስኩ ሲመጣ ይሄ ውበት ይበላሻል፣ ሲግናሉ በሞገድ ቀላል ነው ኖይዙና ማስኩ በፒክስል ቀላል ነው፣ ሁለቱን አንድ ላይ ማቅለል አይቻልም። ቴሲሴ ላይ የተጣበቅኩት እዚህ ጋር ነው።

አንቺ ጋር ላሞች በክብ አይቀመጡም። እንዴት ነው ምትሰሩት?

ጥጃዋ • ረቡዕ ቀን 7፡10

ላሞች በክብ አይቀመጡም፣ ትክክል። እኛን ያዳነን ሌላ ነገር ነው። ማትሪክሱን ራሱን አንፈልገውም፣ ኢንቨርሱን (ተገላቢጦሹን) ነው ምንፈልገው፣ ሄንደርሰን በ1976 ያሳየው ደሞ ኢንቨርሱን ከዘር ሐረግ ዝርዝሩ ላይ በቀጥታ መጻፍ እንደሚቻል ነው፣ ትልቁን ማትሪክስ ምንም ሳትሰራው። ምክንያቱ ቀላል ነው፣ ልጁ ግማሹን ከእናት ግማሹን ካባት ይወስዳል፣ እናትና አባቱን ካወቅኩ አያቱ ምንም አይጨምሩልኝም (ለማትሪክሱ ማለቴ ነው፣ አያቴ ይቅር ይበሉኝ)። ስለዚህ ኢንቨርሱ አብዛኛው ዜሮ ነው። በሚሊዮን የሚቆጠር ከብት ባላቸው አገሮች የሚሰራው በዚህ ነው።

አሁን አሁን ደሞ ከዘር ሐረግ ይልቅ ዲኤንኤው ራሱ ይለካል። ሃሳቡ በ2001 መጣ፣ የላም ጂኖም በ2009 ታተመ፣ 50 ሺህ ገደማ ነጥብ የሚያነብ ቺፕ ወጣ፣ በዛው በ2009 አሜሪካ ለወተት ከብቶቿ በይፋ መጠቀም ጀመረች። ጥቅሙ ምንድነው፣ የአንድ እናትና አባት ልጆች በወረቀት 0.5 ናቸው፣ በዲኤንኤ ስታይ ግን አንዱ ጥንድ 0.45 ሌላው 0.55 ይሆናል፣ ዕጣ ስለሆነ። ዘመድነትን ከወረቀት ሳይሆን ከሥጋው ታነባለህ። ግን በዚህ ጊዜ ያ የዜሮ ጥቅም ይቀርብሃል፣ ማትሪክሱ ጥቅጥቅ ይላል። እዛ ስንደርስ ያንተ በሽታ እኛም አለብን።

እናንተ በምን ነው ምትፈቱት፣ በኮንጁጌት ግራዲየንት (ደረጃ በደረጃ ወደ መልሱ የሚጠጋ ስሌት) አይደል? እኛም።

ኔትወርክ_የለም • ረቡዕ ቀን 7፡44

ኦፍ ቶፒክ ነው ይቅርታ፣ መብራት ሲጠፋ ማይጠፋ ዋይፋይ ያለው ካፌ አራት ኪሎ አካባቢ የሚያውቅ?

ፒያሳ_ናፋቂ • ረቡዕ ቀን 7፡46

ስታገኝ ለኔም

ጥርጣሬ_በነጻ • ረቡዕ ማታ 1፡30

እሺ ኮርማዋን ወድጃታለሁ አልክድም። ግን ሂሳቡ መመሳሰሉ የሚያመጣውን ጣጣ ላሳያችሁ፣ እሱን ማንም አላነሳም።

ባዶ_ሰሌዳ ዘመድነት በርቀት ብቻ ከተወሰነ ነገሩ ወደ ሞገድ ይፈታል አለ። ልክ ነው። አሁን ጄኔቲክስ ውስጥ ፒሲኤ (ከብዙ ዳታ ውስጥ ልዩነቱ የበዛባቸውን አቅጣጫዎች በቅደም ተከተል የሚያወጣ ዘዴ) የማይሰራ ሰው የለም። ከአዲስ አበባ ሐዋሳ መንገድ ላይ ከብት ናሙና ሰበሰብን እንበል፣ ቢሾፍቱ፣ ሞጆ፣ ባቱ፣ ሻሸመኔ፣ ሐዋሳ። ጎረቤት ከጎረቤት ይዳቀላል እንጂ ሌላ ምንም ታሪክ የለም። ፒሲኤ ስታወጣ የመጀመሪያው ከሰሜን ወደ ደቡብ የሚወርድ ተዳፋት ይሰጥሃል፣ ጥሩ። ሁለተኛው ግን አዲስ አበባንና ሐዋሳን በአንድ ወገን፣ መሀል ያሉትን ባቱ ምናምን በሌላ ወገን ያደርጋል። ሁለቱን አንድ ላይ ስትስል ዳታህ እንደ ፈረስ ኮቴ ይጎብጣል። ከዛ አንዱ ተነስቶ "ባቱ አካባቢ ከሌላ ቦታ የገባ ዝርያ አለ" ብሎ ይጽፍልሃል። ምንም የገባ የለም! ያቺ ጉብጠት ሁለተኛዋ ሞገድ ናት፣ ሙዚቃ ላይ ክራር ክር ስትመታ መሠረታዊው ድምፅ ላይ ሌሎች እንደሚደረቡት።

ይሄ የኔ ፈጠራ አይደለም። ካቫሊ ስፎርዛና ጓደኞቹ ከ1978 ጀምሮ የሕዝቦች ጄኔቲክ ካርታ በፒሲኤ ሰርተው ተራራና ሸለቆ ሲያዩ የጥንት ፍልሰት አድርገው ተረጎሙት። በ2008 ኖቬምብሬና ስቲቨንስ የሚባሉ ተመራማሪዎች ትልቅ ፍልሰት የሚባል ነገር የሌለበት ሲሙሌሽን ሰርተው እንደዛው ዓይነት ተራራና ሸለቆ አወጡ። ኮስሞሎጂስት ያን ካርታ በመጀመሪያው ቀን ቢያሳዩት "ይሄ ሞገድ ነው ምን ትላላችሁ" ይል ነበር።

ጥጃዋ • ረቡዕ ማታ 1፡52

ይሄን ነገር አንብቤ ሻይዬ ቀዘቀዘ። የዛሬ ሁለት ዓመት የፈረስ ኮቴዋን ስላይድ ላይ አድርጌ ቀስት ስዬባት ነበር። "ሦስተኛ ምንጭ?" ብዬ። ደግነቱ በጥያቄ ምልክት ነው።

ጋሽ_ስታት • ረቡዕ ማታ 2፡20

ጥርጣሬ፣ ጥሩ አድርገህ አስረዳህ፣ ግን አንተው ራስህን አፈረስክ እኮ። ሚዛን ስኳርና ጨው መዝኖ ነገሩ ያበቃል አልክ። አሁን ግን ስኳር መዛኙ ጨው መዛኙን "ሚዛንህ ይሄ ጎኑ ያጋድላል" ማለት ቻለ።

ጥርጣሬ_በነጻ • ረቡዕ ማታ 2፡24

ጋሼ ይሄን እቀበላለሁ። ዘመዳም ናቸው አላልኩም፣ ሚዛኑ ግን አንድ ከሆነ ብልሽቱም አንድ ነው።

ሲሙሌተር • ረቡዕ ማታ 4፡40

ክሩን አሁን ነው ያየሁት። ሁላችሁም ከሰማይ ወደ ላም ወይ ከወርቅ ወደ ሰማይ ምናምን እያላችሁ ነው፣ ቀጥታ ከጄኔቲክስ ተወልዶ ወደ ኮስሞሎጂ የሄደ ነገር አለ፣ ኤቢሲ። የሕዝብ ታሪክ በሂሳብ ቁልጭ አድርጎ ፕሮባቢሊቲውን መጻፍ አይቻልም፣ ማን ማንን ወለደ የሚለው የዘር ዛፍ ቁጥሩ ስለማያልቅ። እና በ1997 ታቫሬና ሌሎች፣ በ1999 ደሞ ፕሪቻርድና ሌሎች፣ ቀመሩን ትተው ማስመሰል ጀመሩ። ስሙ የወጣለት በ2002 ነው።

ባጭሩ፣ ጥግ ላይ ጀበና ቡና የምታፈላ ሴትዮ አለች፣ ስንት ማንኪያ ቡና እንደምትጨምር አትነግርህም። ቤትህ ገብተህ በሁለት ማንኪያ ታፈላለህ፣ በሦስት፣ በአራት፣ በሦስት ተኩል፣ መቶ ጊዜ። የሷን የመሰለውን ሁሉ ትጽፋለህ ያልመሰለውን ትደፋለህ። የተጻፉት ቁጥሮች መልስህ ናቸው፣ አንድ ቁጥር ሳይሆን ከዚህ እስከዚህ የሚል። "መሰለ" ማለት ምን ማለት ነው የሚለው ላይ ነው ጭቅጭቁ ሁሉ፣ በመራርነቱ ነው? በመልኩ? የቱን እንደምታነጻጽር ካላወቅክ ሙሉ ጆንያ ቡና ትጨርሳለህ።

ኮስሞሎጂስቶች ይሄን ያነሱት ከ2012 ወዲህ ነው፣ ሱፐርኖቫ ምናምን ላይ። አሁን በኒውራል ኔትወርክ ሆኖ ስሙም ተቀይሮ ሁለቱም ጋ ይሰራበታል። ኮዱን ስታዩት ጋላክሲ ይሁን ጂን አትለዩትም።

ባዶ_ሰሌዳ • ሐሙስ ጠዋት 2፡05

አሪፍ ነው። አንድ ነገር ግን እኔ ቅናት አለብኝ። እኛ ያለን አንድ ዩኒቨርስ ብቻ ነው። ሌላ አምጥተህ አታነጻጽርም። ትልልቆቹ ሞገዶች ላይ ስትደርስ፣ ለምሳሌ ሰማዩን በትልቁ የሚከፍለው ኤል 2 የሚባለው፣ ያለን 5 ቁጥር ብቻ ነው፣ የፈለገ ውድ ሳተላይት ብትልክ ስድስተኛ አይመጣም። ኮስሚክ ቫሪያንስ ይሉታል። አንድ ያላት እንቅልፍ የላት የሚባለው ለኛ ነው።

እናንተ ጋ ግን ላም በሽ ነው።

ሲሙሌተር • ሐሙስ ጠዋት 2፡30

ታሪክ ግን አንድ ነው። የሰው ልጅ አንዴ ነው ከአፍሪካ የወጣው (ወይ ጥቂት ጊዜ፣ እሱን ለሌላ ክር)፣ ደግመህ አታስወጣውም። የኛ መዳኛ ጂኖሙ ረጅም መሆኑ ነው። ሰው ከእናትና ካባቱ የሚወስዳቸው ቁርጥራጮች እየተቀላቀሉ ስለሚወርዱ እያንዳንዱ ቁራጭ የራሱ የዘር ዛፍ አለው። በ2011 ሊ እና ደርቢን የሚባሉ ሁለት ተመራማሪዎች ከአንድ ሰው፣ ካንድ ሰው ብቻ፣ ጂኖም ላይ ተነስተው ሕዝቡ በየዘመኑ ስንት አካባቢ እንደነበር አወጡ። አንድ ሰው ውስጥ በሺ የሚቆጠር አያት አለ። እናንተም ሰማዩን ወደ ቁርጥራጭ ትከፍሉታላችሁ፣ ትንንሹ ላይ ብዙ ቁራጭ አላችሁ ትልቁ ላይ የላችሁም። ነገሩ ያው ነው።

ፒያሳ_ናፋቂ • ሐሙስ ቀን 6፡15

እሺ አሁን ቀልዱን ትቼ ልጠይቅ፣ እንደዚህ ቀመሩ ካወቃችሁት 80 ዓመት ካለፈው እንዴት ነው አሁንም ምትሳሳቱት? የሞጣ ነው የሞታ የሚባለው ዋሻ ጉዳይ ትዝ ይለኛል፣ አንዴ እንዲህ ነው ተባለ ከዛ ተሳስተናል ተባለ።

ጥጃዋ • ሐሙስ ቀን 7፡02

ሞታ ዋሻ፣ ጋሞ ደጋ። ሞጣ ጎጃም ነው። 4,500 ዓመት የሆነው ሰው አጽም ተገኝቶ ጂኖሙ በ2015 ታተመ፣ ከአፍሪካ የጥንት ሰው ጂኖም ሙሉ ሲነበብ የመጀመሪያው ስለነበር ትልቅ ነገር ነው። ከሱ ጋር ሲያነጻጽሩ ከዩሬዥያ ወደ አፍሪካ ተመልሶ የገባ ዘር ምዕራብና ደቡብ አፍሪካ ድረስ በብዛት ደርሷል አሉ። ከወራት በኋላ ራሳቸው ደራሲዎቹ ማስተካከያ አወጡ። ምን ሆኖ መሰለህ፣ ዳታውን ከአንድ ሶፍትዌር ወደ ሌላ ሲያዛውሩ መሀል ላይ መሮጥ የነበረበት አንዲት ስክሪፕት አልተሮጠችም፣ በዛ ምክንያት ሞታ ከሪፈረንሱ ጂኖም ጋር አንድ ዓይነት የሆነባቸው ቦታዎች እንዳልተነበቡ ተቆጥረው ወደቁ። ተመሳሳዩን ጥለህ ልዩነቱን ብቻ ስትይዝ ሰውየው ከዩሬዥያ ከእውነቱ በላይ የራቀ ይመስላል፣ በሱ ስትለካቸው ደሞ ሌላው አፍሪካዊ ሁሉ ወደ ዩሬዥያ የቀረበ ይመስላል። ምሥራቅ አፍሪካ ላይ ያሉት ጸና፣ የቀረው ተሰረዘ። ቀመሩ ንጹህ ነበር። የወደቀው ቀመሩ ውስጥ ሳይገባ በፊት ነው።

ባዶ_ሰሌዳ • ሐሙስ ቀን 7፡15

እኛም አለን። በፈረንጅ 2014 መጋቢት ወር ላይ ደቡብ ዋልታ የነበረው ባይሴፕ 2 የሚባል ቴሌስኮፕ የዩኒቨርስን የመጀመሪያ ቅጽበት የግራቪቲ ሞገድ አሻራ አገኘሁ አለ፣ ሻምፓኝ ተከፈተ። በ2015 መጀመሪያ ከፕላንክ ዳታ ጋር አንድ ላይ ሲታይ የኛው ጋላክሲ አቧራ ሆኖ ተገኘ። መለኪያው ባንድ ፍሪኩዌንሲ ስለነበር አቧራውን ከሲግናል ለብቻው መለየት አልቻለም። ያው ኖይዙን በትክክል አላወቁትም።

ጥርጣሬ_በነጻ • ሐሙስ ቀን 7፡40

አሁን ነው የምታወሩት። ሁለታችሁም ሲግናሉን በቲዎሪ ታሳምሩታላችሁ፣ ኖይዙን "ይሄን ያህል ነው" ብላችሁ ታልፋላችሁ። ከቀመሩ ስር ያለው ግማሽ እሱ እኮ ነው።

ባዶ_ሰሌዳ • እሑድ ማታ 3፡10

አዲስ ነገር አለ። የአክስቴ ልጅ ኮዷን ላከችልኝ፣ የላሞቹን። ሰማዩን ወደ 3,072 ፒክስል አሳንሼ፣ የዘር ሐረጉን በአንግል ዘመድነት ተክቼ፣ ማስክ የገባውን ሁሉ "ኮርማ" ብዬ ሮጥኩት። ጎን ለጎን የኔን ዊነር ፊልተር። አንድ ዓይነት መሆን አለበት አይደል? አልሆነም! በሁሉም ፒክስል ላይ ትንሽ ትንሽ ይለያያል፣ ሁለት ሌሊት ባግ ፈለግኩ፣ ፋይሎቹን እየገለበጥኩ የጻፍኩትን ሁሉ ተጠራጠርኩ።

ባግ አልነበረም። እኔ ካርታውን ከማስገባቴ በፊት የሚታየውን ሰማይ ተራ አማካይ ቀንሼ ነው ምጀምረው፣ ሁሌም እንደዛ ነው የማደርገው አስቤበትም አላውቅም። የሷ ኮድ ግን አማካዩን ቀድሞ አይቀንስም፣ "የመንጋው ደረጃ" ብሎ ከዘሩ ጋር አንድ ላይ ይገምተዋል፣ ዘመዳም ላሞች የሚደጋገም ነገር ስለሚነግሩህ እያንዳንዱን እንደ ሙሉ ድምፅ አይቆጥርም። ማስክ ባለበት ሰማይ ላይ የኔ ተራ አማካይ የተዛባ አልነበረም ግን ከሷ የባሰ ነው። እሷ ያላትን መንገድ እኔ ላይ ስተክለው ሁለቱ እስከ ስምንተኛው ዴሲማል ገጠሙ። ከዛ ዳይፖሉንም፣ ማለት እኛ በመንቀሳቀሳችን ምክንያት ሰማዩ ባንድ ወገን ሞቆ ባንድ ወገን የሚቀዘቅዘውን፣ እንደ ሌላ መንጋ አድርጌ ጨመርኩት። ሰራ።

አድቫይዘሬ "ይሄ ከየት መጣ" ሲለኝ ምን ልበለው?

ጋሽ_ስታት • እሑድ ማታ 3፡35

ከሄንደርሰን በለው። ካልገባው ከላም በለው።

ጥጃዋ • እሑድ ማታ 3፡41

ከአክስቴ ልጅ በል። ሐሙስ 11 ሰዓት፣ እዛው በረንዳ፣ የፈረስ ኮቴዋን ስላይድ ይዤ እመጣለሁ አንተ ሞገዱን ታወጣልኛለህ። ላፕቶፕህን ቻርጅ አድርገህ ና፣ ሂሳቡም ያንተ ነው።